ከወሎ ሳይለቁ የሲኒማ ካሜራ ባለሙያ ለመሆን፦ ከጥንቱ የብራዚል ሲኒማ የተቀሰመ መመሪያ

በደሴ፣ በኮምቦልቻ፣ በወልዲያና በላሊበላ ካሜራ ይዘው ሥራ የጀመሩ ወጣቶች ከታላላቆቻቸው ደጋግመው የሚሰሙት ምክር፣ ሲኒማ መሥራት የሚፈልግ ሰው አዲስ አበባ መግባት አለበት የሚል ነው። ይህ መመሪያ የተጻፈው ግን በሚያውቁት አገር ተቀምጠው ሙያውን በሙሉ ክብሩ ለመያዝ ለሚፈልጉ ነው። ለአርአያነት የተመረጡት እ.ኤ.አ. ከ1910ዎቹ እስከ 1930ዎቹ ድረስ በብራዚል የሠሩ ጥቂት የካሜራ ባለሙያዎች ናቸው። እነዚህ ሰዎች በዘመኑ ዋና ከተማ ከነበረችው ከሪዮ ዴ ጃኔሮ ርቀው፣ በወንዝ ዳር ወደቦች፣ በጫካና በትንንሽ የገጠር ከተሞች፣ የፊልም ትምህርት ቤት በሌለበት ዘመን ሠርተዋል፤ ሥራቸውም ከመቶ ዓመት ገደማ በኋላ ዛሬም በዓለም የፊልም ቤተ መዛግብት ይጠበቃል፣ ይታያል፣ ይጠናል። እንዴት እንደኖሩና እንዴት እንደሠሩ መመርመር ለእኛ ቅንጦት አይደለም፤ የነበረባቸው ችግር ከእኛው ችግር ጋር በብዙ መልኩ የተቀራረበ ነውና።

ሦስት የሥራ ሕይወቶች

ሲልቪኖ ሳንቶስ እ.ኤ.አ. በ1886 በፖርቱጋል ተወልዶ ገና በልጅነቱ ወደ አማዞን ተሻገረ። በመጀመሪያ ፎቶግራፍ አንሺ ነበር፤ ኑሮውንም በማናውስ ከተማ መሠረተ። የጎማ ነጋዴዎች ፊልም ሊያሠሩት በፈለጉ ጊዜ ወደ ፓሪስ ተልኮ በፓቴና በሉሚዬር የፊልም ድርጅቶች ዘንድ ሙያውን ተማረ፤ ሲመለስም የአማዞንን ሙቀትና እርጥበት እንዲቋቋም የተዘጋጀ ፊልም ይዞ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1922 ብራዚል የነጻነቷን መቶኛ ዓመት ስታከብር፣ የአማዞንን ሕዝብ ሥራና ምርት የሚያሳየው «ኖ ፓይዝ ዳስ አማዞናስ» የተሰኘው ረጅም ዘጋቢ ፊልሙ ለእይታ በቃ። እ.ኤ.አ. በ1924 እና በ1925 ደግሞ የአሜሪካዊውን አሳሽ የሃሚልተን ራይስን ጉዞ ተከትሎ፣ በውኃ ላይ ከሚያርፍ አውሮፕላን ጫካውን ከአየር ላይ ቀርጿል። እ.ኤ.አ. በ1970 እስኪያርፍ ድረስ መኖሪያው ማናውስ ነበረች።

ሉዊስ ቶማዝ ሬይስ በበኩሉ ወታደር ነበር። በካንዲዶ ሮንዶን የሚመራው፣ በብራዚል መሐል አገር የቴሌግራፍ መስመር የሚዘረጋው ኮሚሽን የራሱ የፎቶግራፍና የፊልም ክፍል ሲያቋቁም ኃላፊነቱ ለሬይስ ተሰጠ። የብራዚል ነባር ሕዝብ የሆነውን የቦሮሮን ሥርዓቶች የያዘውና እ.ኤ.አ. በ1917 የተጠናቀቀው ፊልሙ፣ የአንድን ሕዝብ ባህል በቅደም ተከተል ከሚያሳዩ የመጀመሪያዎቹ የዓለማችን ፊልሞች አንዱ ሆኖ ይጠቀሳል።

ሦስተኛው፣ ለካሜራ ጥበብ የበለጠ የቀረበው፣ ኤድጋር ብራዚል ነው። እ.ኤ.አ. በ1902 በጀርመን ሃምቡርግ የተወለደው ይህ ሰው የአባቱን የጀርመን ስም ትቶ የአገሩን ስም የሙያ ስሙ አደረገ። በሚናስ ዤራይስ ክፍለ ሀገር በምትገኘው በካታጉዋዜስ ከተማ ከዳይሬክተር ኡምቤርቶ ማውሮ ጋር «ብራዛ ዶርሚዳ»ን (እ.ኤ.አ. 1928) እና «ሳንጌ ሚኔይሮ»ን (እ.ኤ.አ. 1929) ቀረጸ። ቀጥሎም የሃያ ሁለት ዓመቱ ማሪዮ ፔይሾቶ በባሕር ዳርቻዋ ማንጋራቲባ የሠራውን «ሊሚቴ» የተሰኘ ፊልም ቀረጸ። እ.ኤ.አ. ግንቦት 17 ቀን 1931 በሪዮ የታየው ይህ ፊልም ገበያ አላገኘም፤ እ.ኤ.አ. በ2015 ግን የብራዚል የፊልም ሐያስያን ማኅበር ከአገሪቱ ፊልሞች ሁሉ ቀዳሚው ብሎ መረጠው። ኤድጋር ብራዚል ከዚያ በኋላ በሲኔዲያና በአትላንቲዳ ስቱዲዮዎች ሲሠራ ቆይቶ እ.ኤ.አ. በ1954 በመኪና አደጋ ሞተ።

እንጀራውን የሚያበስለው ሥራ

በዚያ ዘመን የብራዚል ሲኒማ ቤቶች በውጭ አገር ፊልሞች የተያዙ ስለነበሩ ልብ ወለድ ፊልም የወጣበትን ገንዘብ የሚመልሰው ከስንት አንዴ ነበር። የካሜራ ባለሙያው የሚኖረው ሳምንታዊ የዜና ፊልም በመቅረጽ፣ የቡና እርሻ ባለቤቶችን፣ ፋብሪካዎችንና ባለሥልጣናትን በክፍያ በማንሳት ነበር። የአገሪቱ የፊልም ታሪክ ጸሐፊዎች ይህን የክፍያ ሥራ ለረጅም ጊዜ ዝቅ አድርገው ቢያዩትም፣ ካሜራውን የገዛውም፣ እጁን ያፍታታውም፣ ከዘመኑ ለእኛ የተረፈውን ምስል በብዛት ያቆየውም እርሱ ነው።

ስለዚህ በወሎ ከተሞች የሰርግ፣ የምርቃትና የድርጅት ቀረጻ የሚሠራ ሰው ሥራውን እንደ መሸጋገሪያ ብቻ አይመልከተው። በእያንዳንዱ የክፍያ ሥራ ላይ አንድ ነገር ብቻ ለራስዎ ይለማመዱ። አንዱን ሰርግ ከሃምሳ ሚሊሜትር ሌንስ ሌላ ሳይጠቀሙ ይቅረጹ፤ ሌላውን ካሜራውን ከትራይፖድ ላይ ሳያነሱ ይሞክሩ፤ በሌላው ደግሞ ሙሽሮቹን ለደንበኛው ከቀረጹ በኋላ፣ ከጓዳ ወጥ የሚሠሩትን እናቶች እጅ አስፈቅደው ለራስዎ ይያዙ። ከክፍያው ላይ የተወሰነ ድርሻ ለራስዎ ፊልም ወዲያው ለይተው ያስቀምጡ፤ ገንዘቡ ከቤት ወጪ ጋር አንዴ ከተቀላቀለ የራስ ፊልም የሚባለው ነገር ይቀራል።

በአነስተኛ መሣሪያ መጀመርም አያሳፍርም። ኡምቤርቶ ማውሮ የመብራት ባለሙያ ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ1925 ጣሊያናዊ ከሆነው የከተማው ፎቶግራፍ አንሺ ከፔድሮ ኮሜሎ ጋር ሆኖ የጀመረው ቤተሰብ ለመዝናኛ በሚጠቀምበት በ9.5 ሚሊሜትር የፓቴ ቤቢ ካሜራ ነው። ያው ሰው ከ1936 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በብሔራዊው የትምህርታዊ ሲኒማ ተቋም ከ300 በላይ አጫጭር ፊልሞችን ሠርቷል። በሰሜን ምሥራቅ ብራዚል የምትገኘው ሬሲፌም የራሷን ፊልሞች ስትሠራ የነበረችው ከ1923 እስከ 1931 እ.ኤ.አ. ሲሆን፣ አሥራ ሦስት ያህል ረጃጅም ፊልሞች ከዚያች ከተማ ወጥተዋል። የወሎ ወጣቶች በእጃቸው የሚገኘው ስልክ ካታጉዋዜስ ከነበራት መሣሪያ በምስል ጥራቱ እጅግ ይበልጣል።

በጥቂት ፊልም ማሰብ

ከመሣሪያው ይልቅ የሚጎድለን ቁጥብነት ነው ብዬ አምናለሁ። የሲልቪኖና የሬይስ ካሜራ በእጅ የሚሽከረከር ነበር፤ መያዣውን በሴኮንድ ሁለት ጊዜ ማዞር በሴኮንድ 16 ፍሬም (ነጠላ ምስል) ያስገኛል። 120 ሜትር የሚይዝ አንድ ጥቅል በዚህ ፍጥነት ስድስት ደቂቃ ተኩል ያህል ብቻ ያስኬዳል። ጥቅሉ ሲያልቅ በጨለማ ቦታ ወይም በጨለማ ከረጢት ውስጥ ሌላ መጫን ነበረበት፤ የተቀረጸውም ፊልም በሙቀትና በእርጥበት እንዳይበላሽ በፍጥነት መታጠብ ነበረበት። የቀረጹትን ወዲያው ማየት የማይታሰብ ነበር። ስለዚህም ባለሙያው መያዣውን ከማዞሩ በፊት የሚቀርጸውን ነገር መጀመሪያና መጨረሻ በሐሳቡ ይዞ መቆም ግድ ይለው ነበር።

ይህንን ዛሬ በገዛ ፈቃድ መመለስ ይቻላል። ለአንድ ቀን ሥራ ከስድስት ደቂቃ ተኩል የማይበልጥ ቀረጻ ይፍቀዱ፤ የቀረጹትን እስኪመሽ ድረስ መልሰው አይመልከቱ። ከቤት ሳይወጡ የሚፈልጓቸውን ምስሎች በወረቀት ላይ ይጻፉ። ልምምዱን በአንድ የሥራ ሂደት ላይ ቢያደርጉት ይመረጣል፤ የሲልቪኖ የ1922 ፊልም ትልቁ ብርታት የጎማ፣ የዓሣና የለውዝ ሥራን ከመነሻው እስከ መድረሻው ተከትሎ ማሳየቱ ነውና። በወሎ ደጋ ለዚህ የሚመች አንድ ሥራ ልጥቀስ፤ የጤፍ አጨዳ፣ ክምር፣ ውቂያና ምርት ማንሳት። አጫጁ ከጎንበስታው ቀና ሲል፣ ማጭዱ፣ ነዶው፣ በሬዎቹ አውድማውን ሲዞሩ፣ መንሹ ገለባውን ወደ ላይ ሲበትነው፣ ምርቱ ወደ ጎታ ሲገባ፤ ይህ ሁሉ ከአሥር በማይበልጡ ምስሎች መነገር አለበት። ገለባው በሚበተንበት ጊዜ ከነፋሱ መነሻ በኩል ይቁሙ፤ አቧራው ወደ ሌንሱ አይመጣም። የሚቻል ከሆነ ፀሐይዋ ከገለባው ጀርባ እንድትሆን ከቀኑ 10 ሰዓት በኋላ ይቅረጹ፤ ያን ጊዜ እያንዳንዱ የገለባ ብናኝ ይበራል፣ የሰውየውም ትከሻ ዙሪያ ብርሃን ይስላል። ፊቱ በጣም እንዳይጨልም ነጭ ጋቢ በቅርብ ሰው አስይዘው ብርሃኑን ወደ ፊቱ ይመልሱ።

የአገሩን ብርሃን ማጥናት

ኤድጋር ብራዚል «ሊሚቴ»ን ሲቀርጽ በብራዚል ገና አዲስ የነበረውን ፓንክሮማቲክ ፊልም ተጠቅሟል። ከዚያ በፊት በስፋት የሚሠራበት ኦርቶክሮማቲክ ፊልም ቀይ ቀለምን አይቀበልም፤ ቀይ የሆነው ሁሉ ጥቁር፣ ሰማያዊው ሰማይ ደግሞ ደመናው እስኪጠፋ ድረስ ነጭ ሆኖ ይወጣል። ቀይ ጥለት ያለው ነጠላ በዚያ ፊልም ቢነሣ ጥለቱ እንደ ከሰል ይጠቁር ነበር። ፓንክሮማቲክ ፊልም ሁሉንም ቀለማት ስለሚቀበል የደመናውን፣ የባሕሩንና የሰውን ቆዳ ደረጃ ለይቶ ማሳየት ተቻለ፤ በሌንሱ ፊት ቢጫ ወይም ቀይ ማጣሪያ በማድረግም ሰማዩን ማጥቆር የባለሙያው ምርጫ ሆነ። ዛሬ ካሜራዎን ወደ ጥቁርና ነጭ አዙረው ለጥቂት ሳምንታት ቢቀርጹ ቀለም የሸፈነብዎትን የብርሃን ልዩነት ማየት ይጀምራሉ። እኔ ለጀማሪ ከዚህ የሚሻል ትምህርት አላውቅም።

ከዚያ የራስዎን አገር ብርሃን በማስታወሻ ይያዙ። ወሎ ከምድር ወገብ በስተ ሰሜን ከ11 እስከ 12 ዲግሪ አካባቢ ስለምትገኝ በሚያዝያ አጋማሽ ገደማ እኩለ ቀን ላይ ፀሐይ አናት ላይ ትቆማለች፤ ዓይን በቅንድብ ጥላ ይሸፈናል፣ ፊትም ቅርጹን ያጣል። ደሴ ከባሕር ወለል በላይ ወደ 2,500 ሜትር ከፍታ ላይ በመሆኗ አየሩ ስስ ነው፤ የቀኑ ብርሃን ሹል፣ ጥላውም ጥቁር ይሆናል። ጦሳ ተራራ ከከተማዋ በስተ ምዕራብ ስለቆመ ደግሞ ፀሐይዋ ከመጥለቂያዋ ሰዓት ቀድማ ከተማውን ትለቃለች፤ በሌላ አገር በ12 ሰዓት የሚገኘውን ለስላሳ ብርሃን በደሴ ሸለቆ ውስጥ ቀደም ብሎ መጠበቅ ያስፈልጋል፣ ያኔ ከተማው በጥላ ውስጥ ሆኖ ሰማዩ ግን ገና ብሩህ ነው። ወደ ኮምቦልቻ ሲወርዱ ሰማዩ ሰፋ ይላል፣ ሙቀቱም ይጨምራል። ባቲ ላይ ሰኞ ገበያውን ለመቅረጽ የሚሄድ ሰው ማልዶ ካልደረሰ ከረፋዱ በኋላ የሚያገኘው አቧራና የነጣ ሰማይ ነው። በክረምት የደሴ ጉም ሲወርድ ብዙዎች ካሜራቸውን ይከታሉ፤ እኔ ግን ያን ጊዜ አውጡት እላለሁ፤ ጉም ብርሃኑን ስለሚያሰራጨው ፊት ያለ ምንም መብራት በእኩል ይበራል። መስከረም ላይ ዝናቡ ሲያቆም አየሩ ስለሚታጠብ የአምባሰል ገደሎች ከሩቅ ተለይተው ይታያሉ፤ የሩቅ ምስሎችዎን ለዚያ ወር ያቆዩ።

የአገራችን ልብስ ለካሜራ ከባድ ፈተና ነው። ነጭ ጋቢ የለበሱ ጠይም አባት በቀትር ፀሐይ ሲቆሙ፣ ካሜራው በራሱ እንዲለካ ከተተወ ነጩን አይቶ ፊታቸውን ያጨልማል። አውቶማቲኩን ያጥፉ። ልኬቱን በፊታቸው ላይ ያድርጉ፤ ከዚያ የጋቢው ሽመና እስኪታይ ድረስ ብቻ ጥቂት ዝቅ ያድርጉ። ካሜራው ከልክ ያለፈ ብርሃንን በመስመር የሚያሳይ ከሆነ መስመሮቹ በጋቢው እጥፋት ጫፎች ላይ ብቻ ሲታዩ ልኩ ደርሷል። በሴኮንድ 25 ፍሬም ሲቀርጹ የመዝጊያውን ፍጥነት በሃምሳኛ ሴኮንድ ላይ አቁመው፣ ትርፉን ብርሃን በሌንሱ ፊት በሚደረግ ጠቆር ያለ መስታወት፣ በኤንዲ ማጣሪያ፣ ይቀንሱ። ከሁሉ የሚሻለው ግን ሰውየውን ከፀሐዩ ማንሣት ነው። «አባባ፣ እስቲ ወደ ደጃፉ ጠጋ ይበሉልኝ» ብለው በትሕትና ጠይቀው፣ ከቤቱ በር ትንሽ ወደ ውስጥ፣ ፊታቸው ወደ ውጭ እንዲሆን ያስቀምጧቸው። አንድ በር ብቻ ያለው የገጠር ቤት ከጎን የሚገባ ብርሃንና ጨለማ ዳራ በተፈጥሮው አለው፤ ምንም መብራት ሳይገዙ የሚያምር የፊት ምስል ያገኛሉ።

ካሜራውን በአገሩ ዕቃ ማንቀሳቀስ

ኤድጋር ብራዚል የሚደነቅበት ሌላው ጉዳይ መሣሪያ ፈጣሪነቱ ነው። በማንጋራቲባ የሚገዛም የሚከራይም የካሜራ ማንቀሳቀሻ አልነበረም። እርሱ ግን ካሜራውን ከፍ ዝቅ የሚያደርጉ የእንጨት መሣሪያዎችን በራሱ ሠራ፤ የሚራመዱ ሰዎችን እግር በእግር ለመከተልም አራት ሰዎች የሚሸከሙት ቃሬዛ መሰል መቀመጫ አዘጋጀ። «ሊሚቴ» ውስጥ በአሸዋማ መንገድ ላይ ካሜራው ከሰው ጋር የሚንሳፈፈው በዚህ መንገድ ነው።

ወሎ ውስጥ ቃሬዛ መሸከምን ማስተማር አያስፈልግም። መኪና በማይገባበት ቀበሌ የቅሬው አባላት በሽተኛን ተፈራርቀው ገደል አቋርጠው ጤና ጣቢያ ያደርሳሉ። ይህ የተሸከሙትን ሰው ሳያንገላቱ የመሄድ ጥበብ ለካሜራ ሥራ የሚያስፈልገው ራሱ ነው። የቅሬውን ቃሬዛ ግን ለቀረጻ አይዋሱ፤ እርሱ የበሽተኛና የአስከሬን ነውና የራስዎን ይሥሩ። ሦስት ሜትር ያህል ርዝመት ያላቸው ሁለት ቀጥ ያሉ የደረቁ የባሕር ዛፍ አጣናዎችን ይምረጡ፤ እርጥቡ ይተጣጠፋል። መካከላቸው ላይ ጠፍጣፋ ጣውላ በገመድ ጥፍር አድርገው ይሰሩ፤ ሚስማር ብቻውን በእንቅስቃሴ ይላላል። በጣውላው ላይ ወፍራም ስፖንጅ ወይም የበግ አጎዛ ያንጥፉና አሸዋ በግማሽ የተሞላ ከረጢት ያስቀምጡበት፤ ካሜራውን በከረጢቱ ላይ ተጭኖ እንዲቀመጥ አድርገው በቀበቶ ያሰሩት። ለቀላል ካሜራ ሁለት ሸካሚ ይበቃል። የካሜራው ባለሙያ ራሱ የሚቀመጥ ከሆነ አራት ሰው ያስፈልጋል፤ አስቀድሞም ክብደቱ ከእርሱ የሚበልጥ ድንጋይ ጭኖ ሳይፈተሽ ማንም አይውጣበት።

ሸካሚዎቹ እግራቸውን በአንድነት እንዳያነሡ ያስጠንቅቁ። እኩል ከረገጡ ቃሬዛው ወደ ላይና ወደ ታች ይዘላል፤ የፊተኛው ቀኙን ሲያነሣ የኋለኛው ግራውን ካነሣ ግን ንቅናቄው ይቀንሳል። ጉልበታቸውን ትንሽ አጠፍ አድርገው፣ ተረከዛቸውን አስቀድመው እንዲረግጡ ይንገሯቸው። ከመቅረጽዎ በፊት ውኃ በግማሽ የተሞላ ሳህን በካሜራው ቦታ አስቀምጠው መንገዱን አንድ ጊዜ ያስኪዷቸው፤ ውኃው ካልፈሰሰ ምስሉ ይረጋል። ከዚህም ጋር ሰፊ ሌንስ ይጠቀሙ፤ ጠባብ ሌንስ ትንሹን ንቅናቄ ያጎላዋል። ሐይቅ አካባቢ የሚሠሩ ከሆነ ደግሞ ጀልባ አለልዎት። ሲልቪኖ ካሜራውን በጀልባ ላይ ተክሎ የወንዙን ዳርቻ እንደሚጓዝ ዓይን ቀርጾታል። ማለዳ፣ ነፋስ ሳይነሣ፣ ቀዛፊው አቅጣጫ ከያዘ በኋላ መቅዘፉን እንዲያቆም አድርገው ጀልባው በራሱ ሲንሸራተት ብቻ ይቅረጹ። የተሸካሚዎቹንና የቀዛፊውን የቀን ዋጋ ሥራው ሳይጀመር ተነጋግረው ይቁረጡ፤ ስማቸውንም በፊልሙ መጨረሻ ያስፍሩ።

ፈቃድና ከፋይ

ሬይስ የቦሮሮን የቀብር ሥርዓት ሊቀርጽ የቻለው ኮሚሽኑ ከሕዝቡ ጋር ለዓመታት ባበጀው ግንኙነት ነው። በወሎም የወዳጃ ጸሎት፣ የጀማ ንጉሥ መውሊድ፣ የግሸን ማርያም የመስከረም 21 ክብረ በዓል ካሜራ ይዞ ዘው የሚባልባቸው አይደሉም። ከበዓሉ ብዙ ቀን ቀድመው ያለ ካሜራ ይሂዱ። ሼኁን ወይም የደብሩን አስተዳዳሪ፣ በሠፈሩ የሚከበሩትን አበጋሮችና የቅሬውን ሰብሳቢ በየማዕረጋቸው አክብረው ያነጋግሩ፤ የሚቀረጸውን ብቻ ሳይሆን የማይቀረጸውንም ይጠይቁና ይጻፉ። በአንድ ቤት ሙስሊምና ክርስቲያን በሚኖርበት አገር፣ ፊልሙ በማን ፊት እንደሚታይ ማስረዳትም የእርስዎ ግዴታ ነው። ሲያልቅ ለሕዝቡ ሳያሳዩ ለሌላ አያሳዩት።

ስለ ከፋዩ ደግሞ ጠንከር ያለ ነገር መናገር አለብኝ። ሲልቪኖ ሳንቶስን በመጀመሪያ ያሠራው ሁሊዮ ሴሳር አራና የተባለው የጎማ ባለሀብት ነው። የአራና ድርጅት በፑቱማዮ ወንዝ አካባቢ በነባር ሕዝቦች ላይ የፈጸመው ግፍ በብሪታንያ ቆንስል በሮጀር ኬዝመንት ምርመራ ተጋልጦ፣ ሪፖርቱ እ.ኤ.አ. በ1912 በብሪታንያ ታትሟል፤ ፊልሙ የተፈለገውም የድርጅቱን ስም ለማደስ ነበር። ሲልቪኖ ታላቅ ባለሙያ መሆኑ ይህን አያስቀረውም። ካሜራው የሚያሳየው ሁሉ እውነት ሆኖ ሳለ፣ የት እንዲዞር የሚወስነው ከፋዩ ከሆነ ምስሉ ግፍን ሊሸፍን ይችላል። ስለዚህ ሥራ ሲቀበሉ፣ ፊልሙ ለምን ዓላማ እንደሚውል በጽሑፍ ይጠይቁ፤ መልስ የማይሰጥ ከፋይ ካጋጠመዎ ሥራውን ይተዉት።

የወሎ ሰው ይህን ከማንም በላይ ሊረዳው ይገባል። እ.ኤ.አ. በጥቅምት 1973 ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ የተደበቀውን የወሎ ረኀብ በብሪታንያ ቴሌቪዥን ለዓለም አሳየ፤ ብዙ ሕይወትም በዚያ ምስል ምክንያት ዳነ። ያው ምስል በቀጣዩ ዓመት፣ ንጉሠ ነገሥቱ ከመውረዳቸው በዋዜማው፣ ከቤተ መንግሥት ድግስ ምስሎች ጋር ተቀናጅቶ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ቀረበ። የተቀረጹት ሰዎች ግን ስማቸው አልተጠየቀም፣ ሌላ ኑሯቸውም አልታየም። ወሎ ለረጅም ጊዜ በዓለም ዓይን የታየችው በዚያ አንድ ገጽታ ነው፤ አገሩን የሚያውቅ የካሜራ ባለሙያ በስፍራው መኖር ያለበትም ስለዚህ ነው። የሚቀርጹትን ሰው ስም፣ ቀበሌውንና ቀኑን በዚያው ዕለት ይመዝግቡ።

ኔጋቲቩን መጠበቅ

ሲልቪኖ ከ1922 በፊት ለሦስት ዓመት ያህል የደከመበት ሌላ ታላቅ የአማዞን ፊልም ነበረው። ኔጋቲቩን፣ ማለትም ቅጂዎች የሚታተሙበትን ዋናውን ፊልም፣ ወደ አውሮፓ እንዲወስድ የታመነው ሰው የራሱ ሥራ አስመስሎ ሸጠው። ሲልቪኖ ፊልሙን ዳግመኛ ሳያይ ሞተ። እ.ኤ.አ. በ2023 ግን ፊልሙ በሌላ ስም ተመዝግቦ በፕራግ የቼክ ብሔራዊ የፊልም ቤተ መዛግብት ውስጥ ተገኘ። «ሊሚቴ»ም ከመጥፋት የዳነው በጥቂት ሰዎች ትጋት ነው። የዘመኑ ፊልም የሚሠራበት ናይትሬት የተባለው ቁስ በባሕርዩ ስለሚበሰብስ በ1959 እ.ኤ.አ. ለማሳየት የማይቻልበት ደረጃ ደርሶ ነበር፤ ሳውሎ ፔሬይራ ዲ ሜሎ ከመምህሩ ከፕሊኒዮ ሱሴኪንድ ሮሻ ጋር ጀምሮ፣ እያንዳንዱን ፍሬም እየቀዳ ለማደስ ረጅም ዓመታት ፈጀበት።

የእኛ ፋይሎች ከናይትሬት ይልቅ በቀላሉ ይጠፋሉ። ካርዱን ካልገለበጡና ግልባጩን ከፍተው ካላዩ በስተቀር አይደምስሱት። እያንዳንዱን ሥራ በሦስት ቅጂ ይያዙ፤ ሁለቱ በተለያዩ ሃርድ ዲስኮች፣ ሦስተኛው ከከተማው ውጭ፣ በዘመድ ቤት ወይም በኢንተርኔት ማከማቻ። በ2014 ዓ.ም. ጦርነት ደሴና ኮምቦልቻ ሲያዙ የደሴ ሙዚየምና የወሎ ዩኒቨርሲቲ ተዘርፈዋል፤ በአንድ ከተማ ብቻ የተቀመጠ ቅጂ እንዳልተቀመጠ መቆጠር አለበት። ዲስኮቹን ከእርጥበት በሚከላከል ዕቃ ውስጥ አድርገው በዓመት ሁለት ጊዜ ከፍተው ይፈትሹ፣ ሲያረጁም ወደ አዲስ ይገልብጡ። የአቃፊውን ስም በቀን፣ በቦታና በጉዳይ ይሰይሙ፤ ቀኑ በኢትዮጵያ ወይስ በአውሮፓ የዘመን አቆጣጠር መሆኑን ይግለጹ።

ጥሬውን ቀረጻ ሙሉ በሙሉ ለማንም አሳልፈው አይስጡ፤ የሚሰጡት ቅጂ ይሁን። በኢትዮጵያ የቅጅና ተዛማጅ መብቶች በአዋጅ ቁጥር 410/1996 ተጠብቀዋል፤ በክፍያ የተሠራ ሥራ ግን ውል ካልተጻፈለት መብቱ ወደ አሠሪው ሊያዘነብል ይችላል። ስለዚህ የሰርግ ሥራም ቢሆን አንድ ገጽ ውል ይኑረው፤ ጥሬው ቀረጻ የማን እንደሆነ፣ ለስንት ጊዜ እንደሚቀመጥ፣ የካሜራ ባለሙያው ስም የት እንደሚሰፍር፣ ምስሉ ለሌላ ዓላማ ሲፈለግ ማን እንደሚፈቅድ ይጻፍበት። ውሉን ሁለቱ ወገኖች በሁለት ምስክሮች ፊት ይፈርሙ፤ አንዱ ቅጂ ከእርስዎ ዘንድ ይቅር፤ የውሉም ፎቶ ከቀረጻው ጋር በአንድ አቃፊ ይቀመጥ።